የቅዳሜውን ሾርባ ማን ቀመሰልህ?

ይድረስ ለሙሉጌታ፣ ለኔው ለሙሌ፤

ዓመትህ ወጣ። ባለፈው እሑድ ተቀደሰልህ፣ ዝክርህም ተዘከረ፣ ይኸው ሳምንት ሳይሞላው ወረቀት ይዤ ቁጭ ብያለሁ። እንደምን ሰነበትክ ብዬ ልጀምር አሰብኩና እጄ እምቢ አለኝ፤ አንተ ዘንድ መሰንበት የሚባል ነገር ይኑር አይኑር በምን አውቃለሁ። እኔ ደህና ነኝ። ማለቴ እበላለሁ፣ እተኛለሁ፣ እሠራለሁ። ጭንቅላቴ ግን ደህና አይደለም፤ የተምታታብኝ ነገር አለ። ለሰው እንዳላወራው ደግሞ ነገሩ ስለ አሳማ ሾርባ ነው። ባሏ የሞተባት ሴት ተቀምጣ ስለ አሳማ ሾርባ ብታወራ ሐዘኑ አናቷ ላይ ወጣ ነው የሚሏት።

በመጀመሪያ ግን የቤቱን ልንገርህ። የጁባዋ ሰፈራችን ሃይ ማላካል እንዳለች ናት። ዝናብ ሲጥል መንገዳችን አሁንም ጭቃ ነው፣ ቦዳቦዳ ሞተረኞቹም እስከ በር አንደርስም ብለው ጥጉ ላይ ያወርዱኛል። የውኃው ቦቴ ሲያሻው ይመጣል፣ ሲያሻው ይቀራል። የኒም ዛፋችን ከጣራው በላይ ወጥታለች፤ ቅጠሏን ጠረግኩ ስል እንደገና ታራግፋለች። ልጃችን ሳሮን አዲስ አበባ እህትህ ጋ ናት፣ ቁመቷ እኔን ሊያልፍ ነው፤ ስልክ ስታነሳ መጀመሪያ ጉሮሮዋን እንዳንተ ትጠርግና ነው ሃሎ የምትለው። ልብስህን ሰጥቻለሁ። ሽርጥህን ግን አልሰጠሁም፣ ኩሽናው በር ኋላ ተሰቅሏል። ለምን እንዳስቀረሁት አትጠይቀኝ።

አሁን ወደ ሾርባው። የምታውቀውን ሁሉ መልሼ ልነግርህ ነውና ታገሰኝ። ቅደም ተከተል ካላስያዝኩት ማበዴ ነው።

ከሐምሌው ተኩስ በኋላ አንተ ሼፍ የነበርክበት ሆቴል ተዘጋ። እንግዶቹ በአውሮፕላን ተጭነው ሄዱ፣ ከኛም ሰው ብዙው ሄደ፣ ሳሮንንም ያኔ ነው የላክናት። እኛ ቀረን። ትንሽ አይተን እንሄዳለን አልክ፤ ያ ትንሽ እስከ ዛሬ አላለቀልኝም። ተኩሱ በርትቶ ኮሪደሩ ላይ ተኝተን በነበረ ጊዜ ያደረግኸው ትዝ ይልሃል? እኔ ጸሎት ስደግም አንተ ጆሮዬ ላይ የሆቴሉን ምግብ ዝርዝር ከሾርባ እስከ ጣፋጭ ትደረድርልኝ ነበር። ዳዊቱ ከተጠበሰ ዓሣ ጋር ተደባለቀብኝ። ያን ጊዜ ተቆጥቼሃለሁ፣ አሁን ግን ከዚያ ሁሉ ቀን የቀረልኝ ያንተ ድምፅ ብቻ ነው።

አንድ ቀን ያ ድልድይ የሚሠራው ሽማግሌ መሐንዲስ፣ ሳይሄዱ ከቀሩት ጥቂት ፈረንጆች አንዱ፣ በረዶ የሞላው ሣጥን በቦዳቦዳ አስጭኖ በራችን ላይ መጣ። ሣጥኑ ውስጥ ያለው ከናይሮቢ ያስመጣው በጭስ የበሰለ የአሳማ ጭን ነበር፤ ሃም ይሉታል። በአገሩ ብርድ ሲሆን እናቱ በአተር ክክ የምትሠራው ሾርባ ነበረ። አንተም ሆቴል ሳለህ አንድ ጊዜ ሠርተህለት ኖሮ አልረሳውም፤ አሁን ቤትህ ትሠራልኛለህ ወይ ብሎ ለመነህ። ክኩ ከየት ይመጣል? ከኔ ጓዳ፣ እናቴ ለጾም ብላ ከላከችው። አማተብኩ። የጾማችንን ክክ ከአሳማ ጋር በአንድ ድስት መቀቀል! አንተ ግን ጿሚዋ እኔ እንጂ ክኩ እንዳልሆነ አስረድተህ አሳቅከኝ፣ መሳቄም እንደ ፈቃድ ተቆጠረ።

ስምምነት አደረግን። ምድጃው ከቤት ኋላ በቆርቆሮው ጥላ ሥር ይሆናል፣ ድስቱ ለብቻው፣ ቢላውም ጭልፋውም ለብቻው። እንዳይሳሳትብኝ ብለህ ጭልፋው እጀታ ላይ ቀይ ክር አሰርክበት። የኔ ዕቃ ወደዚያ አይሄድም፣ ያንተም ወደዚህ አይመጣም። ቅዳሜ ጠዋት ከሰሉን አቀጣጥለህ ያንን ጭን ከነአጥንቱ ትጥዳለህ፣ አረፋውን እየገፈፍክ ትደፋለህ፣ ክኩን ለቅመህ አጥበህ ትጨምራለህ። ከዚያ ቀይ ሽንኩርት፣ ካሮት፣ ድንች። ክኩ ፈርሶ መረቁ እስኪወፍር ከሥሩ እንዳይዝ ማማሰል ነው። መጨረሻ ላይ ሥጋውን ከአጥንቱ ፈልቅቀህ፣ በጣትህ በጣጥሰህ ትመልሰዋለህ። እኔ በመስኮት አይሃለሁ፤ ለአሳማ እንዲህ መጨነቅህ ያናድደኛል፣ ያስቀኛልም። ለኔ እኮ ሻይ እንኳን አፍልተህልኝ አታውቅም፣ ቤት ስገባ ሼፍ አይደለሁም እያልክ። ቀትር ላይ ሽማግሌው ከሁለት ሦስት ጓደኞቹ ጋር መጥቶ ኒሟ ሥር ይቀመጣል፣ ድስቱ ሳይሟጠጥ አይነሱም።

ጨውስ አልኩህ በመጀመሪያው ቅዳሜ፣ ሳትቀምስ በምን ትለካዋለህ? ሜሪ ትቀምስልኛለች አልከኝ። አመንኩህ። ጎረቤታችን ሜሪ ጋምቤላ አድጋ ወደ አገሯ የተመለሰች፣ አማርኛዋ ከኔ የማይተናነስ፣ አሳማም የምትበላ ሴት ናት፤ ለምን አላምንህም።

እንግዶቹ ሲሄዱ ደግሞ ድስቱን ትፈትጋለህ፣ ገላህን ትታጠባለህ፣ ነጭ ሸሚዝ ትለብሳለህ፣ ከዚያ ነው ወደ ቤት የምትገባው። ሽታው እንዳያስጠላሽ ብዬ ነው ትለኛለህ። ደስ ይለኝ ነበር። ለሚስቱ ብሎ በጠራራ ፀሐይ የሚታጠብ ባል ስንት ሴት አላት?

ከዚያ ደስታዬን የሚበላ ነገር መጣ። በቁርባን የተጋባን ሰዎች ነን፤ ከሠርጋችን ጀምሮ አንዳችን ያለ አንዳችን ቀርበን አናውቅም። በዚያ ዓመት ፍልሰታን አብረን ጾመን፣ ቀኑ ሲደርስ ሆዴን አሞኛል ብለህ ከኋላ ቀረህ። ብቻዬን ቀረብኩ። ቤት ስንገባ ግን ከኔ እኩል በላህ። ፋሲካ ላይ ደግሞ ደክሞኛል አልክ፣ አሁንም ብቻዬን። ሚስት ምን ታስባለች? ሴት አሰብኩ። ሥጋ ወደሙን የሚፈራ ሌላ ሴት ያለው ሰው ነው ብዬ አሰብኩ። ወደ ገዛ ቤቱ ታጥቦና ሸሚዝ ቀይሮ የሚገባውም ሌላ ሴት ያለው ነው። ማላኪያ ገበያ ስትሄድ ስንት እንደምትቆይ እገምት ጀመር። ቀናሁ፣ ሙሌ። ስሟን በማላውቃት፣ ትኑር አትኑር በማላውቃት ሴት ቀናሁ፤ አላፍርበትም። አንዳንዴ ነገሩን ከሾርባው ጋር ላያይዘው እሞክርና የቱ እንደቀደመ ይጠፋኛል። ሾርባው ነው መጀመሪያ የተጀመረው ወይስ ፍልሰታ ነው የገባው? ሁለቱም በአንድ ሰሞን ናቸው፣ ሰሞኑ ደግሞ ተኩሱ ከጆሯችን ያልወጣበት ነው። ስንቴ ለማስታወስ ሞከርኩ፣ አይመጣልኝም።

ዛሬ ነገ ልጠይቀው ስል ታመምክ። ትኩሳቱ ያዘህ፣ ክሊኒክ ገባህ፣ ወባ ነው ተባለ፣ ሌላም ተባለ፣ ሳምንት ሳይሞላ አለቅህ። በሞትና በሕይወት መካከል ያለ ሰው ሴት አለህ ወይ ተብሎ አይጠየቅም። እጄን ይዘህ የሆነ ነገር ልትለኝ ሞክረህ ነበር፤ ውኃ መስሎኝ ውኃ ሰጠሁህ፣ ጠጣህም። ውኃ ይሁን ሌላ አላውቅም።

ደብረ ብርሃን ወስጄ ከአባትህ ጎን አሳረፍኩህ። ሁሉም ሰው እዚያው ትቀራለች ብሎ ሲጠብቅ ጁባ ተመለስኩ። እህትህ እዚያ ምን አለሽ ብላ አለቀሰች። ምን እንዳለኝ አሁንም መናገር አልችልም። ይኼ ቤት እኔ የማላውቀውን የሚያውቅ ይመስለኛል፣ ለዚያ ይሆናል።

ሽማግሌው ለቅሶ መጥቶ ኒሟ ሥር ብዙ ተቀመጠ። ቆይቶ ደግሞ በአንድ ቅዳሜ ያንን ሣጥኑን አስጭኖ መጣ። ከናይሮቢ የሚያመጣለትን ሰው ተው ማለት ረስቶ ኖሮ ሥጋው ደርሶበታል፣ መጣሉም አላስችል ብሎት ነው። ይዘህ ሂድ ማለት ነበረብኝ። ተቀበልኩት። ሽርጥህን አገለደምኩ፣ ቀይ ክር ያለውን ጭልፋ ያዝኩ። ምን እንደሠራሁ ታውቃለህ? እጄ ክክ ሲያይ የሚያውቀው አንድ ነገር ብቻ ነው። ሽንኩርቱን አቁላላሁ፣ ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ጨመርኩ፣ እርድ ነሰነስኩ፣ ሲያበቃ ቃሪያ ሰንጥቄ ጣል አደረግኩበት። አልጫ ሠርቼ አሳማ አስገባሁበት ማለት ነው። ሽማግሌው በትሕትና አንድ ሳህን ጨረሰ፣ ወጡ ግሩም ነው ብሎ አመሰገነኝ፣ ከዚያ ሾርባው መቼ እንደሚቀርብ ጠየቀኝ። ከሞትክ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ የሳቅኩት ያን ቀን ነው።

በሌላው ቅዳሜ እርዱንም ቃሪያውንም ትቼ በመስኮት ሳይህ የነበረውን እያስታወስኩ ሠራሁ። ጨው ላይ ስደርስ ሜሪን በአጥር ጠራኋት፣ ለሙሉጌታ እንደምታደርጊው ቅመሺልኝ አልኳት። ጭልፋውን ይዛ ቀረች።

«እኔ? ለሙሉጌታ? አበዳን፣ አንድም ቀን። እሱ እኮ ድስቱ ጋ ሰው አያስጠጋም ነበር።»

ከዚያ ቀመሰችና ሚሌ ማፊ አለች፣ ጨው የለውም ማለቷ ነው። ጨመርኩ። ሐሳቤ እሷ ያለችው ላይ ሆኖ አበዛሁት መሰለኝ፣ ሽማግሌው ያን ቀን ውኃ በላይ በላይ ሲጠጣ ዋለ።

ስለዚህ ዋሽተኸኛል። ሜሪ ካልቀመሰች ማን ቀመሰ? ሽማግሌውን ዙሪያውን እየሄድኩ ጠየቅኩት። ሃም አንዱ ጨው በዝቶበት፣ አንዱ አንሶት ይመጣል፣ በልክ የሚያዝ አይደለም አለኝ። የባልሽ ሾርባ ግን አንድም ቀን አልበዛበትም፣ አንድም ቀን አላነሰውም፤ እንዲህ የሚሠራ ሰው ሲቀምስ የኖረ ሰው ነው አለኝ። እኔም በልቤ አበቃ አልኩ። ቀምሰሃል። ሼፍ ያልቀመሰውን ለሰው አያቀርብም፣ ቀምሰሃል። የቀመስከውን ለኔ መናገር አልደፈርክም፣ ከእግዚአብሔር መደበቅም አልደፈርክም፣ ስለዚህ ከኋላ ቆምክ። ሴት አልነበረችም፣ ጭልፋ ነው።

እንዴት እንደቀለለኝ ልነግርህ አልችልም። ያን ሁሉ ጊዜ የቀናሁት በሾርባ ነው ለካ። ብቻዬን ሳቅኩ። ሳቄ ሲያልቅ ደግሞ ተናደድኩ። አንድ ማንኪያ ቀመስኩ ብትለኝ ምን አደርግሃለሁ? አኮርፋለሁ፣ ለንስሐ አባታችን ንገር ብዬ እጨቀጭቅሃለሁ፣ በሳምንቱ ይረሳል። ለዚህ ብለህ ነው እንደዚያ ያቃጠልከኝ? ንስሐ አባታችን ጋም ሄጄ ጠየቅኩ። የሱን ነገር ለሱ ተይለት አሉኝና ስለ ሳሮን ትምህርት መጠየቅ ጀመሩ። አዎም አላሉ፣ አይደለምም አላሉ። እኔ ግን አዎ የሚለውን ይዤ ወጣሁ። በዚህ ተረጋግቼ ወራት ኖርኩ፣ እንቅልፌም ተመለሰ።

እስከ ባለፈው ቅዳሜ ነው ታዲያ። ሽማግሌው ሥራው አልቆ ለሁልጊዜው ወደ አገሩ ሊገባ ነው፣ የመጨረሻ ሾርባ ሥሪልኝ ብሎ ለመነኝ። የዝክርህ ዋዜማ ነው፣ ጊዜው የሰኔ ጾም ነው፣ ሜሪም እናቷ ታመውባት ጋምቤላ ሄዳለች። እምቢ ማለት ነበረብኝ፣ ግን ሽማግሌ ሰው እናቱን እያነሳ ሲለምን እንዴት ተደርጎ። ቤት ውስጥ ለዝክርህ የክክ ወጥ፣ ጓሮ የአሳማው ሾርባ፤ ክኩ ከአንድ ጆንያ የተዘገነ። ከዚህ ምድጃ ወደዚያ ምድጃ ስመላለስ፣ በመካከሉ እጄን ስታጠብ ዋልኩ። ጨው የሚገባበት ሰዓት ሲደርስ የሚቀምስ የለም። እኔ ደግሞ በማግስቱ ልቆርብ ተዘጋጅቻለሁ። እንፋሎቱን ወደ ፊቴ ሳብ አድርጌ አሸተትኩ፣ አፈላሉን አየሁ፣ በእጄ ዘግኜ ጣል አደረግኩ፣ ትንሽ ቆይቼ ደገምኩ፣ ከደንኩት።

ሽማግሌው አንድ ማንኪያ አፉ አደረሰና ማንኪያውን አስቀመጠ። ዓይኑ ሞላ።

«ይኼ የሙሉጌታ ነው» አለኝ።

ገባህ? አልቀመስኩትም እኮ። የፋሲካ ዶሮ ስሠራስ መቼ ቀምሼ አውቃለሁ? ቅዳሜ ቀኑን ሙሉ ሲንተከተክ የሚውል ወጥ፣ ጾም ባልፈታ አፍ ማን ይቀምሰዋል? በእንፋሎቱና በመልኩ ነው ጨው የምንጥልለት። እናቴም እንዲሁ ነበረች፣ እናትህም እንዲሁ፣ አንተም እሳቸው ማድ ቤት ውስጥ ነው ያደግከው። የፋሲካ ጠዋት በጨው የተበላሸ ዶሮ በልተን እናውቃለን? ይኼን ሁሉ እያወቅኩ እንዴት ዓመት ሙሉ ትዝ አላለኝም? ሼፍ ስለሆንክ፣ ነጭ ቆብ ስላደረግክ፣ ያንተ ጨው ከኛ ጨው የተለየ መስሎኝ ነዋ።

እንግዲህ ቀምሰህ ይሆናል፣ ሳትቀምስም ይሆናል። ካልቀመስክ ሜሪ ትቀምስልኛለች ማለትህ ለምንድነው? ሳልቀምስ እሠራለሁ ብትለኝ እንደማላምንህ አውቀህ ነው? ካልቀመስክስ ከኋላ የቆምከው ለምንድነው? ያቺ ሴት ይኸው ተመልሳ መጣች። አባርሬያት ነበር፣ በጨው አስገባኋት። አንዳንዴ ደግሞ ድስቱን መንካቱ ብቻ ከብዶህ ይሆናል እላለሁ፣ ከዚያ እሱም አይመስለኝም። አንዱን ስይዝ ሌላው ያመልጠኛል፣ በቃ ደከመኝ።

እንዲህ ሆኜ ነው እሑድ ቤተ ክርስቲያን የሄድኩት። ንስሐ ገብቻለሁ፣ ጾሜያለሁ፣ ነጠላዬም ታጥቧል። ክርስትና ስምህ ሲጠራ አለቀስኩ። ከዚያ ሰው ለመቁረብ መጠጋት ጀመረ፣ እግሬ አልነሳ አለ። ሾርባውን አልቀመስኩም። ሌላ ወንድ የለኝም። የሰው ገንዘብ አልወሰድኩም፣ የተጣላሁት ሰው የለም፣ ደህና ነኝ፣ አልታመምኩም። ግን ቆምኩ። ሰው ሁሉ አልፎኝ ሄደ፣ ተመለሰም፣ እኔ እዚያው ነኝ። ስንወጣ ከማኅበራችን ሴቶች አንዷ እጄን ይዛ ምነው ሳትቀርቢ ቀረሽ አለችኝ። ልመልስላት አፌን ከፈትኩ። የምሰጣት ምክንያት ፈለግኩ፣ አጣሁ። እውነት ለመናገር አልደበቅኳትም፤ የምደብቀው ነገር አልነበረኝም። እንጃ አልኳት። ዓይኗን አየሁት፣ አላመነችኝም። አንተን ሳይ ዓይኔ እንዴት እንደነበረ ያወቅኩት ያኔ ነው።

አንተም እንደኔ ነበርክ አልልም፣ አላውቅማ። ነገር ግን ሰው ምንም ሳይኖርበትም ከኋላ ሊቆም እንደሚችል አሁን አውቃለሁ። እቤት እስክደርስ እየሳቅኩም እያለቀስኩም መጣሁ፣ የቦዳቦዳው ልጅ ዞር ዞር እያለ ያየኝ ነበር። ካንተ ጋር የታረቅኩት እዚያ መንገድ ላይ ነው።

አልረሳህም፣ ሙሌ። እስከ ዛሬ የቱን ሙሉጌታ ልያዝ እያልኩ ስመርጥ ነበር፤ ከእንግዲህ አልመርጥም። ለጸሎት ስምህን ስሰጥ እንዳለህ ነው የምሰጠው፣ የማውቀውንም የማላውቀውንም። ለሳሮንም እንዲሁ እነግራታለሁ፣ አባትሽ ጥሩ ሰው ነበር፣ ሁሉን ግን አልነገረኝም እላታለሁ። ፍልሰታ ደግሞ እየመጣ ነው፣ እጾማለሁ። ከቀረብኩ ለሁለታችንም ነው የምቀርበው፤ ከቀረሁም ካንተ ጋር ነው የቆምኩት።

ባለቤትህ አልማዝ
ጁባ፣ ሃይ ማላካል